አንቺ የማይባልበት ሰፈር

ኮሌታ ሰፈር ውስጥ ባልና ሚስት እንኳ ሲጣሉ በአንቱታ ነበር። ከግድግዳዬ ወዲያ ያሉት ጎረቤቶቼ፣ ሚልኪያስና ቤተል፣ አንድ ማለዳ «እርስዎ ደግሞ ምን ዓይነት ገልቱ ነዎት!» «ገልቱስ እርስዎ!» ሲባባሉ ሰምቼ ሻዬ በአፍንጫዬ ወጥቷል። ድምፅ አውጥቼ ግን አልሳቅሁም። ሕጉን ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ በገዛ ሕጉ የሚስቅ ዳኛ ደግሞ አይከበርም።

ናሆም እባላለሁ። የሰፈሩ እድር ዳኛ ነበርኩ። ጥሩምባ ነፊውም እኔው ነበርኩ። ሰው ሲያልቅ ሹመት ይደራረባል።

ከተማችን ማግ ትባላለች። አዋሽ ዳር፣ ጥጥ ይበቅልበት ከነበረ ሜዳ ላይ ድንገት የቆመች ከተማ ናት። የስፌት ሼዱ ቀድሞ መጣ፤ ሼዱ ሰው ጠራ፣ ሰው ቤት ጠራ፣ ቤት ገበያ ጠራ። ስለዚህ ሰፈሮቿ እንደ ሌላው አገር በታቦት ወይም በመኳንንት ስም አይጠሩም፤ በሚሰፉት ነው። ቁልፍ ሰፈር፣ ኪስ ሰፈር፣ እጅጌ ሰፈር፣ ከዚያ የኛ። ሸሚዝ ጠረጴዛ ላይ ዘርግቶ ለእንግዳ ከተማዋን በጣት ማሳየት ይቻል ነበር።

ከዚያ ዓለም ኮሌታ ተወ። ማን እንደጀመረው አላውቅም፤ ሩቅ አገር ያለ አንድ ወጣት አንገቱን ገልጦ መታየት አማረው መሰለኝ። የኛ ሼድ ተዘጋና በወንዙ ታችኛ በኩል፣ ልብስ ያለ ስፌት የሚወጣበት ሌላ ሼድ ተከፈተ። ሥራ ያለው ሁሉ ወደዚያ ወረደ። እኛ፣ ዕድሜያችንን አንገት ስንሰፋ የጨረስን ሰዎች፣ ቀረን።

በማግ ሰፈር አይፈርስም፤ ይታጠፋል። ክሬን ይመጣል፣ ግድግዳው እንደ ካርቶን ይተጣጠፋል፣ ባቡር ላይ ተጭኖ ወደሚቀጥለው ሼድ ይሄዳል። ሠራተኛ የሆነ ከግድግዳው ጋር ይሄዳል። ጡረተኛ ግን አልጋ በተገኘበት ይበተናል፤ አንዱ ሰሜን፣ አንዱ ደቡብ። የቁልፍ ሰፈር ሰዎች ዕድሜ ልካቸውን አብረው ኖረው ሲታጠፉ፣ ማን የት እንደሞተ እንኳ የሚነግራቸው ጠፋ። ለእድር ዳኛ ከዚህ የከፋ ነገር የለም። ሰው ይሞታል፤ ሳይቀበር፣ ሳይለቀስለት ከቀረ ግን፣ ሰው ሆኖ እንዳልኖረ ነው።

በየበራችን መቃን ላይ ጆሮ አለች። ምስር የምታክል ጥቁር ነገር ናት። ቤት ውስጥ የሚወራውን ሰምታ ስንት ሰው እንዳለ ትቆጥራለች። ሰፈሩ የሚበቃ ሰው ካለው ቦኖው ውሃ ይሰጣል፣ ባቡሩም ይቆማል። ቁጥሩ ከወረደ ውሃው ይንጠባጠባል። በጣም ከወረደ ክሬኑ ይመጣል።

ሊመጣ የተቃረበበት ወር ላይ ነው ጋሽ ኢዮስያስ የታመሙት። የስፌት አለቃችን ነበሩና ሰፈሩ በሙሉ በራቸው ላይ ተመላለሰ። «ጋሽ ኢዮስያስ አሉ?» «አሉ።» «ተሻላቸው?» «ትንሽ ቀምሰው ተኝተዋል» ይሉናል ባለቤታቸው እትዬ ሶልያና። በማግሥቱ፣ ሲንጠባጠብ የከረመው ቦኖ ጀሪካን እስኪገለብጥ ድረስ ፈሰሰ። ጆሮዋን ማን እንደሠራት አናውቅም፤ አንቱታ የሌለበት አገር ልጅ መሆኑን ግን ያን ቀን አወቅን። አንድ ሽማግሌ «ተኝተዋል» ሲባል፣ እሷ የምትሰማው ብዙ ሰው ተኝቶ ነው።

እድሩን ከሰፈር ውጭ፣ ጆሮ በሌለበት ሜዳ ላይ ሰበሰብኩና ሕጉን አወጣሁ። ከዛሬ ጀምሮ ኮሌታ ሰፈር ውስጥ አንተም አንቺም የለም። ሕፃኑም አንቱ፣ ውሻውም አንቱ። ሕጉን ያፈረሰ ለሳምንት የሰፈሩን ውሃ ይቀዳል። እልል ተባለ። በወሩ ቦኖው እንደ ደህናው ዘመን ሆነ፤ በወረቀት ላይ ከኪስ ሰፈር በለጥን።

ጋሽ ኢዮስያስ ግን አልዳኑም። ሞቱ ካልን ጆሮዋ ስንት ሰው እንደምትቀንስብን አናውቅም። ስለዚህ ድንኳን ሳንተክል አውጥተን ሜዳው ላይ ቀበርናቸው። እትዬ ሶልያና አላለቀሱም። ቤታቸው ገብተን «ጋሽ ኢዮስያስስ?» ስንላቸው «ተኝተዋል» ይሉን ነበር። ሰባት ዓመት ሙሉ እንዲህ አሉ። እኔም ጥሩምባዬን አልነፋሁም። ለፈፋው ራሱ አንተ የሚል ነው፤ «የሰማህ ላልሰማ አሰማ!» ይላል። ለብቻዬ «የሰሙ ላልሰሙ ያሰሙ» ብዬ ሞክሬው ነበር፤ የስብሰባ ማስታወቂያ መሰለብኝ። ጥሩምባውን ጠቅልዬ ከአልጋዬ ሥር ከተትኩት።

ሰው እያደር ሜዳውን ለመደው። ፍቅረኞች አንተ ለመባባል ይሄዱ ነበር፣ የተጣሉ አንጀታቸው እስኪርስ ለመሳደብ፣ ሐዘን ያለበት አልቅሶ ለመመለስ። «አንተ ሜዳ» አልነው። እትዬ ሶልያና ብቻ ከቀብሩ ወዲህ እግራቸውን አላነሱም። «ሜዳ የለመደ ምላስ ቤት ውስጥ ይሰናከላል» ይሉ ነበር። ሕጉን እንደሳቸው የጠበቀ የለም፤ ባላቸውን አስረክበውበታል።

አንድ ልጅ ነበረቻቸው። የኛ ወላጆች ሶልያና፣ ናሆም፣ ኢዮስያስ እያሉ ስም አወጡልን፤ እኛ ደግሞ ለልጆቻችን የቅድመ አያቶቻችንን ስም ከሳጥን አወጣን። ስም እንደ ኮሌታ ነው፣ ያልፍበታል፣ ተመልሶ ይመጣል። ልጅቷ ውባንቺ ትባላለች። ስሙን ቀስ ብሎ ላየው መጨረሻው አንቺ ነው። ሕጉ ሲወጣ ስሟ ተቀጠፈ፤ «ውቢት» አልናት። አድጋ ታችኛው ሼድ ገባች፣ በየሳምንቱ በባቡር እየመጣች እናቷን ትጠይቅ ነበር። «ይግቡ፣ ይቀመጡ፣ ይብሉ» ይሏታል። ትበላለች፤ ትሄዳለች።

ዳምጤ የሚባለው መርማሪ በሰባተኛው ዓመት መጣ። ከተማ አስተዳደሩ የላከው ገና ወጣት ነው። ውሃችን ብዙ፣ ቆሻሻችን ትንሽ ሆኖባቸው ነው። ከቦኖው እስከ ባቡሩ መቆሚያ ድረስ ባሉት ምሰሶዎች ላይ አዳዲስ ጆሮዎች ሰቀለ፤ እያንዳንዷ አረንጓዴ መብራት አላት። አንዲት የእጅ ጆሮም በኮቱ ኪስ ይዞ ይዞራል።

«እነዚህ እንደ ድሮዎቹ አይደሉም» አለኝ በትሕትና። «ነገ ሥራ ሲጀምሩ፣ አንተ ወይም አንቺ የሚል አንድ ቃል ከሰሙ፣ የሰፈሩን ያለፈ ወሬ ሁሉ ወደ ኋላ ሄደው እንደ አዲስ ይቆጥሩታል።»

«ከሰፈሩ ውስጥ አንድ ቃል ብቻ?»

«አንድ ቃል ብቻ፣ ጋሼ። እርስዎ ግን ምን አሳሰበዎት?»

«ምንም» አልኩት።

እነዚያን ቀናት ሰፈሩ ትንፋሹን ውጦ ኖረ። እናቶች ልጆቻቸውን እቤት ዘጉባቸው። ጸሎት በሆድ ሆነ፤ እግዜርን አንተ እንጂ አንቱ ብሎ የጸለየ የለምና። መርማሪው ሚልኪያስ ቤት ሻይ ሲጋበዝ ቤተል የፈላ ማንቆርቆሪያ እግሯ ላይ ለቀቀች። ወደ ባሏ ዞራ «አን...» አለች። ሁላችንም በድን ሆንን። «አን... አንድዬ ያውቃሉ!» ብላ ጨረሰችው። ዳምጤ ብርጭቆውን አስቀምጦ ቁስሏን በቀዝቃዛ ውሃ አጠበላት።

ከዚያ እትዬ ሶልያና ቤት ገባን። ሁለት አልጋ አለ። አንዱ ጨርቁ ሳይጨማደድ፣ ትራሱ ሳይጎደጉድ፣ እንደተነጠፈ ነው።

«ባለቤትዎ ጋሽ ኢዮስያስ የሉም?» አለ።

«አሉ» አሉ እትዬ ሶልያና። «ተኝተዋል።»

ዳምጤ ባዶውን አልጋ ትኩር ብሎ አየ። ባርኔጣውን አወለቀ። «ነፍ...» አለና አቋረጠው። «ይማራቸው» ብሎ ወጣ። ያን ምሽት እህል አልቀመስኩም። አለቀልን ብዬ ነበር።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ውባንቺ መጣች። ሻንጣዋ ከወትሮው ትልቅ ነበር። ታችኛው ሼድ ከእንግዲህ ተመላላሽ አልፈልግም ብሏል፤ ወይ ስሟን እዚያ አስመዝግባ ግድግዳ ትወስዳለች፣ ወይ ሥራዋን ትለቃለች። ጡረተኛ እናት ይዞ መግባት አይቻልም። ይህንን በር ላይ ቆማ በአንቱታ ነገረቻቸው። ከዚያ «እማዬ፣ ከፈቀዱ ሜዳ ድረስ ይሸኙኝ» አለች። እትዬ ሶልያና ከቀብሩ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ነጠላቸውን አነሱና ተከተሏት።

ዳምጤ ቦኖው አጠገብ ቆሞ ያያቸዋል። «ጋሼ፣ ይህ መንገድ የት ያደርሳል?» አለኝ።

«ሜዳ።»

«ሜዳው ላይ ምን አለ?»

«ምንም የለም።»

«ምንም ወደሌለበት ነው እንዲህ የተረገጠው?» ብሎ መንገድ ጀመረ። ጥዬው ልቅር? ተከተልኩት። የእጅ ጆሮውን የሚይዝበት ኮት ኪሱ ውስጥ እጁን ከቶ ነበር፤ ዓይኔን ከዚያ ኪስ ላይ አላነሳሁም።

ሜዳው በሐዲዱ ዳር ነው። ከግራሩ ኋላ ቆምን። ውባንቺ ጀርባዋን ሰጥታናለች፤ እትዬ ሶልያና ፊታቸው ወደ እኛ ነው። ነፋሱ ወሬያቸውን ያመጣልናል።

«እማዬ፣ እዚህ ጆሮ የለም» ትላለች ልጅቷ። «ለምንድን ነው አሁንም ዝም የምትይኝ?»

እትዬ ሶልያና መሬት መሬት ያያሉ።

«ስሚኝ። ስሜን እዚያ ካስመዘገብኩ ከእንግዲህ እዚህ የዓመት እንግዳ ነኝ። ካላስመዘገብኩ ሥራዬን አጣለሁ፤ ልጣው፣ ግድ የለኝም። ግን ለማን ብዬ እንደምቀር ልወቅ። ሰባት ዓመት እንደ ቀበሌ ሊቀመንበር ይግቡ ይቀመጡ ስትይኝ ኖርሽ። አባቴን የቀበርን ዕለት እንኳ አይዞሽ አላልሽኝም። 'አይዞዎት' ነው ያልሽኝ። የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ነበርኩ እኮ!»

እትዬ ሶልያና ነጠላቸውን ወደ ደረታቸው ሰበሰቡ።

«አንድ ጊዜ ስሜን ጥሪኝ። ሙሉውን። ከጠራሽኝ ባቡሩ ባዶውን ይሂድ።»

እትዬ ሶልያና ቀና አሉ። አፋቸው ተከፍቶ ነበር፤ ቃሉ ጥርሳቸው ላይ ደርሶ ነበር፤ እምላለሁ። ያኔ በልጅቷ ትከሻ ላይ አሻግረው አዩን፤ መጀመሪያ ዳምጤንና ኪስ ውስጥ ያለ እጁን፣ ከዚያ እኔን። እኔ ምን አደረግሁ? «አንቺ» የምትለው ቃል ራሷ ከልጅቷም አፍ ገና አልወጣችም ነበርና፣ ጣቴን ከንፈሬ ላይ አደረግሁ። ሚልኪያስ፣ ቤተል፣ እነዚያ ሁሉ ሽማግሌዎች በየአገሩ ተበትነው፣ በማያውቃቸው ሰው እጅ ሲሞቱ ታዩኝ። አንዲት ልጅ ትሂድ፤ ሰፈር ይቅር። እንዲህ ነው ያሰብኩት።

«በሰላም ይግቡ፣ ውቢት» አሉ እትዬ ሶልያና። «እግዜር ይከተልዎት።»

ውባንቺ ሻንጣዋን አነሳች። «እሺ። እርስዎም ደህና ይሁኑ» አለችና ወደ እኛ ሳትዞር በሐዲዱ ዳር ወደ መቆሚያው ሄደች።

ዳምጤ ከግራሩ ኋላ ወጣ። እጁን ከኪሱ ሲያወጣ መሐረብ ይዟል። ዓይኑን ጠረገበት።

«እትዬ» አለ፣ «ጆሮ አልያዝኩም።»

«ምን አሉ?»

«ሻንጣዬ ውስጥ ትቼው ነው የመጣሁት። ስለ ሰፈሩም ትናንት 'ቁጥሩ ልክ ነው' ብዬ ልኬአለሁ። የጋሽ ኢዮስያስን አልጋ ያየሁ ጊዜ ነው ነገሩ የገባኝ። ዛሬ ከሰዓት መሄዴ ነው፤ ማንም አይነካችሁም።»

«ታዲያ እዚህ ምን ልትሠራ መጣህ?» አልኩት። ሜዳው ላይ ስለነበርን አንተ አልኩት፤ ንዴቱም ነበር።

«እናቴ ከሞተች ወዲህ አንተ ያለኝ ሰው የለም፣ ጋሼ» አለ። «ሰው ልጁን አንቺ ሲል ልስማ ብዬ ነው።»

ልስመውም ልመታውም አማረኝ። ሰፈራችን ተርፏል። ደስታው ግን እግሬ ድረስ ሳይወርድ ባቡሩ ጮኸ።

እትዬ ሶልያና ጫማቸውን አወለቁ። ደረጃ ለመውጣት የሰው ክንድ የሚይዙ ሴት ናቸው። ነጠላቸውን ወገባቸው ላይ አሰሩና ሮጡ። እኔም ኋላቸው ሮጥኩ።

«እትዬ ሶልያና! ይቁሙ! ምሰሶዎቹ! የምሰሶዎቹ ጆሮ ይሰማል! ሰፈሩ ተርፏል እኮ፣ ስለ እግዜር ይቁሙ!»

የመጀመሪያውን ምሰሶ አለፉት። አልተናገሩም። ሁለተኛውን አለፉት። መቆሚያው ላይ ውባንቺ አንድ እግሯን ባቡሩ ላይ አድርጋለች። ልደርስባቸው ክንድ ሲቀረኝ፣ ኮሌታ ሰፈር ውስጥ ሰባት ዓመት ያልተሰማ ድምፅ ከዚያች ቀጭን አንገት ወጣ።

«ውባንቺ!»

ከኋላዬ ያሉት መብራቶች ከአረንጓዴ ወደ ቀይ ዞሩ። እሳቸው አላዩም።

«አንቺ! ውባንቺ! ነይ! ነይ ውረጂ፣ ልጄ! አንቺ፣ የኔ ልጅ፣ ነይ!»

በሮች ተከፈቱ። ሰው ወጣ። እጁን አፉ ላይ ያልጫነ አልነበረም። ባቡሩ በሩን ዘጋና ተንቀሳቀሰ፤ ሲያልፍ መቆሚያው ላይ ሻንጣ ወድቆ ነበር፣ ከሻንጣው ወዲህ ደግሞ እናትና ልጅ አንድ ላይ መሬት ላይ ተቀምጠዋል። ውባንቺ የእናቷን የደማ እግር ይዛ ታለቅሳለች። «አይዞሽ» ይሏታል እትዬ ሶልያና። «አይዞሽ፣ አይዞሽ፣ አይዞሽ።» የሰባቱን ዓመት በአንድ ጊዜ የሚከፍሉ ይመስሉ ነበር።

አልተቆጣንም ብል ውሸት ነው። ሚልኪያስ ቦኖው ላይ ቆሞ «አስጨረሰችን!» ብሎ ጮኸ። ዳምጤ እየሮጠ ደርሶ ምሰሶዎቹን አየና ራሱን ያዘ፤ አንዴ ከቆጠሩ እሱም አይመልሳቸውም። ቦኖው ተንቋቋ፣ አየር ተነፈሰ፣ ቀጠነ። ሰው ሁሉ ቀጭኗን ውሃ ያያል። ያኔ ቤተል በፋሻ በተጠቀለለ እግሯ እያነከሰች መጣችና ባሏን ከላይ እስከ ታች አየችው።

«አንተ» አለችው። «ምን ቆመህ ታያለህ? ሳይሄድ ቅዳ እንጂ!»

ሚልኪያስ ሚስቱን አያት። ፊቱ ላይ ቁጣው ሲሟሟ አየሁት። «አንቺ ደግሞ» አለ፣ «ጀሪካኑን አምጪዋ!»

ክሬኑ በሳምንቱ ደረሰ፤ ዛሬ ቤተል ሰሜን ናት፣ እኔ ባሕር ዳር አጠገብ፣ እትዬ ሶልያና የት እንዳሉ በደንብ አላውቅም። ውባንቺ ሥራዋን ትታ አብራቸው መሄዷን ብቻ አውቃለሁ። በዚያን ዕለት ግን ገና አልተበተንንም ነበር። የመጨረሻዋ ጀሪካን ሞልታ ቦኖው ሲደርቅ ቤቴ ገባሁ፣ ከአልጋዬ ሥር ጥሩምባዬን አወጣሁ፣ አቧራውን በእጅጌዬ ጠርጌ መንገዱ መሐል ቆምኩ። ነፋሁት። ከዚያ ከመቃን እስከ ምሰሶ ለተሰቀለ ጆሮ ሁሉ፣ ሳንባዬ የቻለውን ያህል ለፈፍኩ፦

«ስማ! የሰማህ ላልሰማ አሰማ! ጋሽ ኢዮስያስ አርፈዋል! አንድ ሰው አርፈዋል!»

ድንኳኑ ሲተከል እትዬ ሶልያና በልጃቸው ተደግፈው መጡ። ሰባት ዓመት «ተኝተዋል» ሲሉ የኖሩትን ሰው፣ ደረታቸውን እየመቱ «አንተ!» ብለው ጠሩት።